የሁዳዴ ከበሮ

ምስር እየለቀምኩ ነበር። የልጅ ልጄ ሰብለ ከማራኪ በሚኒባስ መጥታ፣ ሳትቀመጥ ላፕቶፗን ከቦርሳዋ አወጣችና ሰፌዱን በክርኗ ገፋ አድርጋ ጠረጴዛው ላይ ከፈተችው። ሰብለ እዚያ ማራኪ፣ ዩኒቨርሲቲው ግቢ ውስጥ ታሪክ ታስተምራለች። ጃንሆይ ለጥምቀት ጎንደር የመጡበትን ቀን የሚያሳይ አንድ አጭር ፊልም፣ አሥር ደቂቃ የማይሞላ፣ ጥቁርና ነጭ፣ ፈረንጅ አገር አንድ መጋዘን ውስጥ ሰባ ዓመት ገደማ ተኝቶ የኖረ፣ በስንት ደብዳቤ ተገኝቶ እንደተላከላት በአንድ ትንፋሽ ነገረችኝና፣ «መነጽርሽን አድርጊ እማማ፣ የማሳይሽ ሰው አለ፤ ስሙ አብሮ በመጣው ወረቀት ላይ ተጽፏል» አለችኝ።

አደረግሁ። መጀመሪያ ግንቡ ከነደመናው መጣ፤ ቀጥሎ ማኪናዎች፣ ቀጥሎ ጎንበስ ቀና የሚል ሕዝብ፣ ቀጥሎ ከጥላ ሥር ጃንሆይ። አንድ የማይታይ ፈረንጅ በቋንቋው ያወራል፤ ከወሬው ሥር ጥሩምባ የበዛበት ሙዚቃ አለ። ከዚያ ነጭ የለበሱ ካህናት ተሰልፈው መጡ፣ ከመሃላቸውም ከበሮ ከአንገቱ ያንጠለጠለ አጭር ሰው ወደ ፊት ወጣ። አባቴ ነበር።

አባቴ አንድም ፎቶግራፍ የለውም። ከቀበርነው ሃምሳ ዓመት ሊሞላው ነው፤ ከዚያ ወዲህ ፊቱን ያየሁት የዚያን ዕለት ነው። ሰብለ አፏን በእጇ ይዛ አለቀሰች። እኔም እንባዬ እስኪመጣ ጠበቅሁ፤ አልመጣም። እጁ ከበሮው ላይ ሲወርድ አያለሁ፣ የምሰማው ግን ጥሩምባ ነው። በጣቶቼ መሃል ከምስሩ የለቀምኳትን ጠጠር ይዤ መቆየቴን ያወቅሁት ፊልሙ ሲያልቅ ነው።

«ምነው ዝም አልሽ? ደስ አላለሽም እንዴ?» አለችኝ።

«ደስ ብሎኛል» አልኳት።

መልሳ ከፈተችው። በሁለተኛው ዙር፣ ከምስሉ ጥግ፣ እጃቸውን ወደ ሰማይ የዘረጉ አንዲት አሮጊት መነኩሲትና ከጎናቸው የቆመች ትንሽ ልጅ አየች። ልጅቱ እኔ መሆኔን፣ መነኩሲቷም ጎረቤታችን እማሆይ ወለተ ሥላሴ መሆናቸውን ነገርኳት። ሰብለ በደስታ ስማችንን ደብተሯ ላይ አሰፈረችና ከሥሩ «በጥምቀት ዕለት» ብላ ጻፈች። ያ ቀን ጥምቀት አልነበረም። ያን ዕለት ያልነገርኳትን ነው እዚህ የምጽፈው።

ቤታችን ከቁስቋም ቁልቁል፣ ወይራ የበዛበት ተዳፋት ላይ ነበር፤ ከፊት የድንጋይ ቤት፣ ከጓሮው የአባቴ ተማሪዎች የሚያድሩባቸው ትንንሽ ጎጆዎች የተሰገሰጉበት። ጠዋት ስነቃ መጀመሪያ የሚደርሰኝ የእርጥብ ደበሎ ሽታ ነው፤ ቀጥሎ ሃያ ጎረምሳ ሃያ ዓይነት ዜማ በአንድ ጊዜ የሚያጠናበት ጫጫታ፤ እንግዳ ሰው ጠብ የተነሣ ይመስለው ነበር፣ እኔ ግን ያለ እሱ እንቅልፍ አይወስደኝም ነበር። አባቴ መሪጌታ ነው፣ ዜማና አቋቋም ያስተምራል፤ ተማሪዎቹ «የኔታ» ይሉታል። የሚያገለግልበትን ደብር ስም ልተወው፤ ዛሬ የሚያገለግሉበት ሰዎች በዚህ ነገር የሉበትም።

ቁመቱ አጭር፣ ወሬው አጭር፣ እጁ ግን ከሌላ ሰው የተዋሰው የሚመስል ሰፊ ነበር። ከበሮ ሲይዝ መጀመሪያ የሚዳብሰው እንጂ የሚመታው አይመስልም፤ ጥቂት ቆይቶ እጁን ሲለውጥ ግን ጉልበታቸውን የታመሙ ሽማግሌዎች ሳይቀሩ ሲዘሉ አይቻለሁ። ሳል ሲይዘኝ ጉልበቱ ላይ በደረቴ አስተኝቶ ጀርባዬን በዚያው ምት ይመታኝ ነበር፤ ሳሉም አፍሮ ይሄዳል። ሌማቱን፣ በሩን፣ የበቅሎዋን ኮርቻ ሳይቀር ስለሚመታ እናቴ «አንተ ሰውዬ፣ ዕቃዬን ሁሉ ደብተራ አደረግኸው እኮ!» ትለው ነበር።

ሁዳዴ ሲገባ ከበሮ ይቆማል። ሃምሳ አምስቱን ቀን ዜማው በመቋሚያ ብቻ ነው፤ ከበሮና ጸናጽል እስከ ፋሲካ ዕቃ ቤት ይቀመጣሉ። ከበሮውን ራሱ አባቴ ነበር ተሸክሞ የሚያስገባው፣ እንደ ሕፃን በነጠላ ጠቅልሎ። ከዚያ ወዲያ ጎንደር ሁሉ ጆሮው የተደፈነ ይመስለኝ ነበር።

እማሆይ ወለተ ሥላሴ ከአጥራችን ማዶ በአንዲት ጎጆ ብቻቸውን ይኖሩ ነበር። ዓይናቸውን ሞራ ሸፍኖት ብርሃንና ጥላ ብቻ ነው የሚለዩት። የሁዳዴን ቀን የሚቆጥሩት በሽንብራ ነው፤ ዋዜማውን ሃምሳ አምስት ሽንብራ አንድ ቅል ውስጥ ይጨምራሉ፣ በየቀኑ ከመቅመሳቸው በፊት አንዷን አውጥተው ወደ ሌላ ቅል ያሳልፋሉ። አንዳንድ ቀን ሁለቴ ያሳለፉ እየመሰላቸው ይጨነቁና በአጥሩ ላይ ይጠሩኛል። ዘርግፌ እቆጥርላቸዋለሁ። ዘጠኝ ዓመቴ ነበር፤ እናቴ ቁጥሬን አታምነውም፣ እማሆይ ግን ያምኑኝ ነበር።

ጃንሆይ በእውነት የመጡት በጥር ነው። ከዚያ ቀን የማስታውሰው ከፊቴ የቆመችውን ወፍራም ሴትዮ ጀርባና ከራሷ በላይ አልፎ የሄደ የጥላ ጫፍ ነው፤ ከሥሩ ጃንሆይ ነበሩ ተባልኩ። ሁለት ፈረንጆች ባለ ሦስት እግር ማሽናቸውን ማኪና ጣሪያ ላይ አቁመው ፊልም ያነሡ ነበር። አባቴ መታ፣ ሕዝቡ እልል አለ፣ ጃንሆይ ሄዱ፣ ፈረንጆቹም ወደ ስሜን ተራራ ወጡ። ነገሩ ያለቀ መስሎን ነበር።

በሁዳዴ አራተኛ ሳምንት ላይ ጌታሁን መጣ። ጌታሁን ከወገራ በልጅነቱ መጥቶ እቤታችን ያደገ የአባቴ ተማሪ ነው፤ ዜማውን ከመንገድ ትቶ የመንግሥት ትምህርት ቤት ገባ፣ እንግሊዝኛ ተማረ፣ በአንድ ጽሕፈት ቤት አስተርጓሚ ሆነ። አባቴ ትቶት በመሄዱ አልተቀየመውም፤ ስሙ ሲነሣ «ድምፁ ሸጋ ነበር» ብቻ ይል ነበር። ያን ቀን ኮትና ክራባት አድርጎ መጣ፣ ጫማውን ግን ከደጅ አውልቆ ገባ።

«የኔታ፣ ፊልሙ ተበላሽቷል» አለ። ብርሃን ገብቶበት ጠቁሯል፤ የጃንሆይ ደኅና ነው፣ የካህናቱ ግን ጨርሶ የለም። ፈረንጆቹ ደግሞ በሦስት ቀን ውስጥ ወዳገራቸው ይሄዳሉ። ፊልሙ በብዙ አገር ይታያል፣ ኢትዮጵያ በዓለም ፊት የምትቆምበት ነው። «ከበሮውን ይዘው አንዴ ብቅ ቢሉልን፤ አንድ ሰዓት ብቻ ነው።»

አባቴ «መቼ?» አለ።

«ነገ ጠዋት፣ የኔታ።»

«በሁዳዴ?»

«ማኅሌት እኮ አይደለም፤ ለማሽኑ ነው። የደብሩ አለቃም ፈቅደዋል።»

«አለቃ ከፈቀዱ አለቃ ይምቱት» አለና አባቴ ተነሥቶ ወደ ተማሪዎቹ ወጣ።

ከሰዓት በኋላ ጌታሁን ተመልሶ መጣ። ኮቱን አውልቆ ነበር፤ ማጅራቱ ላይ ድንጋይ ተሸክሞ ነጠላውን አደግድጓል። እናቱ ከወገራ አብራው ልትኖር የመጣች የደከመች ሴት ነች፤ ከበር ላይ ቆማ አባቴን ታየዋለች። ጌታሁን ጎንበስ እንዳለ ተናገረ። «አጥፍቻለሁ የኔታ። ‹የኔታ እሺ ብለዋል› ብዬ ለበላዮቼ ተናግሬያለሁ። ውሸታም ከተባልኩ በዚያ ቤት አልቆይም። እሷንም የት አደርሳታለሁ?»

አባቴ ድንጋዩን ለብዙ ጊዜ አየው። «አውርደው፣ አንገትህን ያምሃል» አለ። እሺ ማለቱ ነበር። እናቴ ከጓዳ ሆና ትንፋሿን ስታወጣ ሰማኋት፤ የደስታ ይሁን የሌላ አላወቅሁም።

በማግስቱ ጥምቀተ ባሕሩ ውኃው ወርዶ ደርቆ ስለነበር ነገሩ ከሰፈራችን በታች ባለው መንገድ ላይ ሆነ። ሕዝብ እንዲመስል ከየቤቱ አርባ ያህል ሰው ተጠራ፣ ነጭ ልብስ ልበሱ ተባልን። በማሽኑ ፊት ካለፍን በኋላ በጀርባው ዞረን፣ ተመልሰን እንደገና እናልፍ ነበር። አንዲት ጥርሰ ፍንጭት ሴት በፊልሙ ላይ ሦስት ጊዜ እየሳቀች ታልፋለች፤ ሰብለ አላየቻትም። ጌታሁን ላይ ታች እየሮጠ «ዛሬ ጥምቀት ነው! ደስ ይበላችሁ! ምንም ብትባሉ ዛሬ ጥምቀት ነው!» ይለናል። እኛ ልጆች ሰርግ መሰለን፣ ተንጫጫን። ካህናቱ ግን እስከ ዘጠኝ ሰዓት ጿሚዎች ናቸው፤ ከንፈራቸው ነጥቶ መሬት መሬት ያያሉ።

አባቴ መታ። ከሦስት ሳምንት በላይ ከበሮ ያልተሰማበት አገር ላይ የመጀመሪያው ምት ሲወርድ ከሆዴ ውስጥ የወጣ መሰለኝ። ድምፁ በድንጋዩ አጥር ላይ ተንከባሎ ወደ ዳገቱ ወጣ። በሮች ተከፈቱ፣ ሰዎች እየሮጡ ወጡ፣ ሲያዩ ግን እየቀሩ በየደጃፋቸው ቆሙ። ከመሃላቸው ያልቆሙት እማሆይ ብቻ ናቸው። በአንድ እጃቸው አጥሩን እየዳሰሱ፣ በሌላው በትራቸውን እየነቀነቁ ቁልቁል ወረዱ፤ ዓይነ ስውር ሰው እንዲያ ሲቸኩል ከዚያ በፊትም ከዚያ በኋላም አላየሁም። ሳቄን ሰምተው ነው መሰል ቀጥ ብለው ወደ እኔ መጡና ትከሻዬን ያዙ።

«ልጄ፣ ከበሮ እኮ ነው። ምነው፣ ቁጥሩ ጠፋኝ እንዴ? ሽንብራው ገና ብዙ ነው። ተነሣ እንዴ? ጌታ ተነሣ?»

ሽንብራው ከሠላሳ በላይ እንደቀረ አውቃለሁ፤ ከሁለት ቀን በፊት እኔው ራሴ ነኝ የቆጠርኩላቸው። ነገር ግን ማሽኑ ወደ እኛ ዞሯል፣ ጌታሁን ከኋላው ሆኖ ጥርሱን እያሳየ «ሳቂ፣ ሳቂ» በሚል በእጁ ያመለክተኛል፣ ፊታቸው ደግሞ ከፊቴ ስንዝር አይርቅም፤ እንዲያ ያለ ተስፋ በሰው ፊት ላይ አይቼ አላውቅም። «አዎ» አልኳቸው።

በፊልሙ ላይ አለ። የልጅቱ አፍ ይከፈታል፣ ይዘጋል።

እማሆይ በትራቸውን ጣሉና እጃቸውን ዘረጉ። «ክርስቶስ ተንሥአ እሙታን!» እያሉ በእጃቸው የዳሰሱትን ሰው ሁሉ ሳሙ። የሚመልስላቸው ጠፋ። «ምነው ዝም አላችሁ? ተነሥቷል እኮ!» አሉ፣ ሳቁም። ከዚያ በትሬን ስጡኝ ሳይሉ፣ አጥሩን እየዳሰሱ፣ ወደ ጎጇቸው ሽቅብ ወጡ።

አባቴ ይህን ሁሉ አይቷል። እጁ አየር ላይ ቀረ። ከማሽኑ አጠገብ ያለው ፈረንጅ በጣቱ የማዞር ምልክት አሳየው፤ ጌታሁንም «ይቀጥሉ የኔታ፣ ስለ እመቤታችን፣ ይቀጥሉ» አለ። አባቴ ቀጠለ። ፈረንጁ በቃ እስኪል ድረስ፣ እጁንም ለውጦ፣ አሳምሮ መታ።

በቃ ሲባል ከበሮውን ከአንገቱ ሳያወርድ ዳገቱን ሮጠ፣ እኔም ከኋላው። እማሆይ ደጃፋቸው ላይ ተቀምጠዋል። ጎረቤታችን ለሕፃን ልጇ ያለበችውን ወተት፣ ወደ ፊልሙ ስትወርድ፣ ከድመት እንዲጠብቁላት እሳቸው ዘንድ አስቀምጣ ኖሯል። ከንፈራቸው ላይ ነጭ መስመር አለ፣ ዋንጫው በእጃቸው ነው።

አባቴ ተንበረከከ። «እማሆይ፣ ገና ነው። ሁዳዴ አልወጣም። እኔ ነኝ በከበሮዬ ያሳሳትኩዎት።»

አልጮሁም፣ አላለቀሱም። በነጠላቸው ጫፍ ከንፈራቸውን ጠረጉ። ማን እንዳላቸው አላነሡም፤ እኔም ከአባቴ ጀርባ ቆሜ ምንም አላልኩም። «እንዲያ ከሆነ ከአንድ እጀምራለሁ» አሉና ቅሎቹን አስመጥተው፣ ያሳለፏቸውን ሽንብራዎች በሙሉ ወደ መጀመሪያው ቅል መለሷቸው። አንድ በአንድ ሲወድቁ ይሰማል።

በትምህርት ቤት «የሁዳዴ ከበሮ መጣች» ይሉኝ ጀመር፤ ስሙ እስካገባ ድረስ ተከትሎኛል። አባቴ ለንስሐ አባቱ ተናዘዘ፣ የተሰጠውን ስግደት ፈጸመ። ፋሲካ ደረሰ፤ አባቴ ግን ቤተ ክርስቲያን ውስጥ በመቋሚያ ብቻ ቆመ፣ ከበሮውን ሌላ ሰው ያዘው። እናቴ ምነው ብትለው «ለእማሆይ ገና አልተነሣም» አላት። ቄሶች መጥተው በበዓለ ሃምሳ መጾም ክልክል ነው ብለው እማሆይን ገሠጿቸው። «እናንተ ፋሲካችሁን ብሉ፤ የእኔ ገና አልደረሰም» አሏቸው። አባቴ ከእሳቸው ጋር ይጾም ነበር። በየቀኑ በዘጠኝ ሰዓት ቂጣና ሽሮ ራሱ ይዞላቸው ይሄድና አብሯቸው ይቀምስ ነበር። ሥጋ የሚሸት ቤት ውስጥ እኔና እናቴ እየበላን በአጥሩ ላይ ሲያወሩ እንሰማቸዋለን።

«ሽንብራዎ ያለቀ ለት እዚህ ደጃፍዎ ላይ ቆሜ እመታልዎታለሁ» አላቸው አንድ ቀን።

«እኔም እዘላለሁ፣ ጉድ ታያለህ!» አሉት፣ ሁለቱም ሳቁ።

ከፋሲካ ሁለት ሳምንት በኋላ፣ ቀትር ላይ፣ አጥሩን ተደግፈው ፀሐይ እየሞቁ ሞቱ። እናቴ ቅሉን ሰጠችኝና ቁጠሪ አለችኝ። የቀረው ስምንት ሽንብራ ነበር።

አባቴ ከዚያ በኋላ ሃያ ሁለት ዓመት ኖረ፤ ከበሮ አልነካም። ዜማውን በአፉ አስተማረ፤ የእጁን የሚጠይቀው ተማሪ ሲመጣ ወደ ሌላ መምህር ይልከዋል። ጌታሁን ወደ አዲስ አበባ ተዛወረ፤ በየዓመቱ ይጽፍለታል፣ አባቴም ይመልስለታል፤ ስለዚያ ቀን ግን ሁለቱም አይጽፉም። «አዎ» ያልኳቸው እኔ መሆኔን ለአባቴ ልነግረው ስንት ጊዜ ተዘጋጅቻለሁ። ታሞ በተኛበት፣ ብቻችንን ስንሆን፣ «አባባ፣ እማሆይን ያን ለት…» ብዬ ጀመርኩ። «እማሆይ አሁን ደኅና ናቸው» አለኝና ዓይኑን ጨፈነ። ተውኩት። ሲቀበር ከሌላ ደብር የመጣ ሰው መታለት። ሸጋ መታ፤ ሰው ሁሉ አለቀሰ። እኔ የተማሪዎቹን እጅ እያየሁ ነበር፤ ከሁሉም ውስጥ የእሱን ምት የያዘ አልነበረም።

ፊልሙ ባለፈው ወር ማራኪ በትልቅ አዳራሽ ታየ። አባቴ ሲወጣ ተጨበጨበ፣ እኔንም አስነሥተው አስጨበጨቡልኝ፤ ልጆቹ በስልካቸው ፎቶ አነሡኝ። የንስሐ አባቴ የልጅ ልጄ እኩያ ነው፤ ነገርኩት። «ልጅ ነበሩ እኮ፣ እማማ» አለኝ። እውነቱን ነው። ከውስጤ የተንቀሳቀሰ ነገር ግን አልነበረም።

ዘንድሮ ከፋሲካ በኋላ እማሆይ ያልደረሱባቸውን ስምንት ቀን ጾምኩ። ለንስሐ አባቴ አልነገርኩም፣ ይከለክለኛል። ለሰብለ ጨጓራዬን አልኳት። በመጨረሻው ቀን በዘጠኝ ሰዓት ዳገቱን ወጣሁ። የእማሆይ ጎጆ የነበረችበት ላይ ባለ ሦስት ፎቅ ቤት ተሠርቷል፣ ከሥሩ ስልክ የሚሸጥበት ሱቅ አለ። በሩ ላይ ቆሜ «ተነሥቷል፣ እማሆይ» አልኩ። ባለ ሱቋ ካርድ የጠየቅኋት መስሏት «የስንት ብር ልስጥዎ፣ እማማ?» አለችኝ።

የሃምሳ ብር ገዛሁ። መንገዱ ዳር ባለው ድንጋይ ላይ ትንሽ ተቀመጥኩ፤ ባጃጆች ይወርዳሉ፣ ይወጣሉ። እፎይታ ይመጣል ብዬ ነበር፤ የመጣው የጉልበቴ ሕመም ነው። እውነቱን ልነግራቸው የሚገባኝ ሰዎች ሁለት ብቻ ነበሩ፣ እማሆይና አባቴ፣ በአንድ አጥር ማዶና ማዶ። ሁለቱም እስኪያልፉ ድረስ ዝም አልኳቸው።